ያውቁ ኖሯል? ከጉዛራ ግንብ እስከ ጣና ዳር፦ የቀንድ አውጣ ነገር

በእንፍራንዝ አጥር ሥር የሚድኸው ቀንድ አውጣ አራት ቀንድ እንዳለው ያውቁ ኖሯል? ክረምት ገብቶ ከድንጋይ ካቡ ሲወጣ ጠጋ ብለው ይቁጠሩ። ሁለቱ ረጃጅሞች ከላይ ናቸው፤ ዓይኖቹ ጫፋቸው ላይ ተቀምጠዋል። ሁለቱ አጫጭሮች ወደ መሬት ዝቅ ብለው መንገዱን ያሸታሉ፣ ይቀምሳሉ። የዓይን ቀንዱ ቢቆረጥ ከነዓይኑ መልሶ ያበቅለዋል። በዚያ ዓይን የሚያየው ግን ብርሃንና ጨለማን፣ ቢበዛ ብዥ ያለ ቅርጽን ነው። ጆሮ ጭራሽ አልተሰጠውም። ልጆች ከበው ሲጮሁበት ቀንዱን የሚሰበስበው ድምፃቸውን ሰምቶ አይደለም፤ የእግራቸው ንዝረት ወይም ጥላቸው ደርሶት ነው።

ደሙስ? ቀይ አይደለም። በእኛ ደም ውስጥ ኦክስጅን የሚሸከመው ብረት ሲሆን በእርሱ ደም ውስጥ መዳብ ነው፤ አየር ሲያገኘው ወደ ሰማያዊ ያደላል።

የሚተነፍሰው እንደ እኛው በሳንባ ነው። ከዛጎሉ ጠርዝ ሥር፣ አብዛኛውን ጊዜ በቀኝ በኩል፣ የምትከፈትና የምትዘጋ ቀዳዳ አለች፤ አየር የሚስበው በእርሷ ነው። ይቅርታ ይደረግልኝና፣ ኩሱም የሚወጣው ከዚያችው አጠገብ፣ ከራሱ ብዙም ሳይርቅ ነው። ገና በእንቁላል ውስጥ ሳለ የሆድ ዕቃው በ180 ዲግሪ ይዞርና ኋላው ወደ ፊት ይመጣል። ይህ መጠምዘዝ ምን እንደሚጠቅመው የዘርፉ ሊቃውንት ዛሬም ይከራከሩበታል።

ምላሱ ሞረድ ነው። በአውሮፓ ጓሮዎች የሚገኘው ተራ ቀንድ አውጣ በዚህ ምላሱ ላይ ወደ 14 ሺህ የሚጠጉ ጥቃቅን ጥርሶች አሉት፤ ከፊት ያሉት ሲያልቁ ከኋላ አዲስ ረድፍ ይተካል። በተከታታይ ረድፍ የተፋቀ የጎመን ቅጠል ካዩ ሥራው የማን እንደሆነ አያጠያይቅም።

ብዙ ሰው ቀንድ አውጣ ዛጎሉን ጥሎ ሌላ የሚገባ ይመስለዋል። አይገባም። ዛጎሉ ከአካሉ ጋር በጡንቻ የተያያዘ የራሱ አካል ነው፤ ከእንቁላል የሚወጣውም ትንሿን ዛጎል ተሸክሞ ነው። ጫፏ ላይ ያለችው የመጀመሪያዋ ጥምዝ የልደት ቀኑ ቅሪት ናት። ዛጎል የሌለውና እርጥብ መሬት ላይ የምናየው ዘመዱም ቤቱ የፈረሰበት ምስኪን አይደለም። ዛጎላቸው ከትውልድ ትውልድ እያነሰ የጠፋባቸው ወገኖች ናቸው፤ ይህም በተለያዩ የዘር ሐረጎች በየራሱ ጊዜ ደጋግሞ የተከሰተ ነው።

ዛጎል የሚሠራው ከካልሲየም ካርቦኔት ነው፤ ማለትም ከኖራ ድንጋይ ጋር አንድ ነገር። ታዲያ እንፍራንዝ አጠገብ ኮረብታው ላይ የቆመው፣ ከ1563 እስከ 1597 (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ለነገሡት ለአፄ ሠርፀ ድንግል የሚነገረው የጉዛራ ግንብ በኖራ የተገነባ መሆኑ ለቀንድ አውጣ ትርጉም አለው። የጣና ዙሪያ አለት በአብዛኛው የእሳተ ገሞራ ጥቁር ድንጋይ እንጂ የኖራ ድንጋይ አይደለም። ቀንድ አውጣዎች ደግሞ ካልሲየም ፍለጋ ግድግዳ ሲፍቁ በብዙ አገር ታይተዋል። ከዝናብ በኋላ አሮጌ የኖራ ግድግዳ ላይ ተለጥፎ የሚያገኙት ቅርስ ጎብኚ ሳይሆን ምግብ ላይ ያለ እንስሳ ሊሆን ይችላል።

ፍጥነቱን ያስቡት። በአንድ ሴኮንድ አንድ ሚሊ ሜትር ገደማ ይሄዳል። ሌትና ቀን ሳያርፍ ቢጓዝ 100 ኪሎ ሜትር ለመጨረስ ከሦስት ዓመት በላይ ይፈጅበታል። እንፍራንዝ ተሳፍሮ ባሕር ዳር መውረድ ለእርሱ የዕድሜ ልክ ጉዞ ነው። ደግነቱ የሚሄድበትን መንገድ ራሱ ያነጥፋል፤ ከእግሩ ሥር የሚያመነጨው ልጋግ ምላጭ ስለት ላይ እንኳ ሳይቆረጥ ያሳልፈዋል።

በወፍ ሆድ የሚጓዝም አለ። በጃፓን ደሴቶች ላይ የሚኖር አንድ ደቃቃ ዝርያ በወፎች ተውጦ ከኩሳቸው ጋር ሲወጣ ከመቶው 15 ያህሉ በሕይወት እንደሚተርፉ ተመራማሪዎች በ2011 ጽፈዋል።

አሁን ወደ ምደባው እንግባ፤ እኔ እንኳ ከሁሉ የሚገርመኝ እርሱ ነው። «የየብስ ቀንድ አውጣ» የሚባል አንድ ቤተሰብ የለም። የቀንድ አውጣ ዘር መነሻው ባሕር ሲሆን ወደ ደረቅ መሬት የወጣው አንድ ጊዜ ብቻ ሳይሆን በተለያየ ዘመን፣ በተለያየ ሐረግ፣ ደጋግሞ ነው። ትልቁ ጭፍራ ስታይሎማቶፎራ ይባላል፤ መለያው ዓይንን በቀንድ ጫፍ መሸከም ነው። በየአጥራችን የምናየው አብዛኛው የዚህ ጭፍራ አባል ነው። ከዚህ ውጭ ከሆኑትና ለብቻቸው ከወጡት ብዙዎቹ ደግሞ ሳንባቸው ሌላ፣ ዓይናቸው ቀንዳቸው ግርጌ ላይ፣ ከሁሉም በላይ በር ያላቸው ናቸው። ወደ ዛጎላቸው ሲገቡ እግራቸው ላይ የተለጠፈ ጠንካራ ክዳን አፉን ይዘጋዋል።

ያ ክዳን በኢትዮጵያ ታሪክ ውስጥ ቦታ እንዳለው ያውቁ ኖሯል? ድሬዳዋ አጠገብ ፖርክ ኤፒክ የሚባል ዋሻ አለ። በ1970ዎቹ አጋማሽ በተደረገ ቁፋሮ ከወጡት ነገሮች መካከል ሬቮይሊያ የተባለ የየብስ ቀንድ አውጣ ክዳኖች በብዙ መቶ የሚቆጠሩ ነበሩ፤ አብዛኞቹም መሃላቸው የተበሱ። በ2008 ኢትዮጵያዊው ተመራማሪ ዘላለም አሰፋ ከባልደረቦቹ ጋር ባሳተመው ጥናት እነዚህ ክዳኖች እንደ ዶቃ ያገለገሉ ሳይሆኑ አይቀሩም የሚል ሐሳብ አቀረበ። ዕድሜያቸው ከ33 ሺህ ዓመት በላይ ነው። እነዚያ ሰዎች እርሻም፣ ብረትም፣ የሸክላ ድስትም አልነበራቸውም። መዋቢያ ግን ነበራቸው ማለት ነው፤ ያውም ከቀንድ አውጣ። ዛሬ አገልግልና ቆዳ ላይ ተሰፍቶ የምናየው ነጭ ዛጎልም የቀንድ አውጣ ሥራ ነው፤ ልዩነቱ ባለቤቱ የባሕር ነዋሪ መሆኑ ነው።

የአገራችንን ቀንድ አውጣዎች ለሳይንስ ያስመዘገቡት በአብዛኛው የ19ኛው ክፍለ ዘመን አውሮፓውያን ናቸው። በ1832 ጎንደር የደረሰው የፍራንክፈርቱ ተጓዥ ኤድዋርድ ሩፔል ስሙ ለአንድ የኢትዮጵያ ቀንድ አውጣ ተሰጥቷል። ካርል ዪኬሊ የተባለ የትራንሲልቫኒያ ሰው የሰሜን ምሥራቅ አፍሪካን የየብስና የጨው አልባ ውሃ ቀንድ አውጣዎች የያዘ መጽሐፍ በ1874 አሳተመ። ፈረንሳዊው ቡርጊኛ በ1883 የአቢሲንያን ቀንድ አውጣዎች የሚመለከት ሥራ አወጣ። ቡርጊኛ በአንድ ነገር ይታማል፤ ዛጎሉ ትንሽ ከረዘመ ወይም ከጠበበ አዲስ ዝርያ ነው እያለ ስም ያወጣ ነበር። ሐሜቱ መሠረት አለው። የዛጎል ቅርጽ እንደ ዝናቡ፣ እንደ ምግቡና እንደ ካልሲየሙ መጠን ይለዋወጣልና በዛጎል ብቻ የተሰጠ ስም ሁሉ አይታመንም። ዛሬ ሆድ ዕቃው ተከፍቶ፣ ዘረ መሉ ተነቦ ነው የሚፈረደው።

ከአገራችን ወገኖች ጥቂቶቹን እንይ። ሊሚኮላሪያ በኢትዮጵያ ብዙ ቦታ የሚገኝ ነው፤ ዛጎሉ ሾጠጥ ያለ፣ አብዛኛውን ጊዜ በፈዛዛ መደብ ላይ ቡናማ የነበልባል መስመሮች የወረዱበት። ቤተሰቡ የአፍሪካ ግዙፍ ቀንድ አውጣዎች ቤተሰብ ነው። ከዚህ ቤተሰብ በ1976 ሴራሊዮን ውስጥ የተያዘ አንድ ቀንድ አውጣ ተዘርግቶ ሲለካ 39.3 ሴንቲ ሜትር ሆኖ፣ 900 ግራም መዝኖ የዓለም ክብረ ወሰን ይዟል። የእኛው ሊሚኮላሪያ አጎቱ አጠገብ ቢቆም አይታይም።

ቪትሪና ደግሞ የደጋ ነው። ዛጎሉ ስስ፣ ብርሃን የሚያሳልፍ፣ ገላውን በቅጡ የማይሸፍን። የቅርብ ዘመዶቹ በአውሮፓ ይኖራሉ፤ በአፍሪካ የሚገኘው በከፍተኛ ተራሮች ላይ ነው። የሩፔል ስም የተሰጠውም የዚህ ወገን ቀንድ አውጣ ነው።

ሥጋ በል ቀንድ አውጣስ እንዳለ ያውቁ ኖሯል? ስትሬፕታክሲድ የሚባለው ቤተሰብ አባላት ሌሎች ቀንድ አውጣዎችንና ትሎችን ያድናሉ። ብዙዎቹ ከሩዝ ፍሬ የማይበልጡ ሲሆኑ በእኛም አገር ይገኛሉ። አዳኙም ታዳኙም በሴኮንድ አንድ ሚሊ ሜትር ሲሮጡ ማየት ትዕግሥት የሚጠይቅ ትርኢት ነው።

ወንድ ነው ሴት? ሁለቱንም። የአጥራችን ቀንድ አውጣ የሁለቱም ፆታ አካል አለው፤ ቢሆንም በአብዛኛው ጓደኛ ይፈልጋል። ከአንዳንድ ወገኖች መካከል ከግንኙነቱ በፊት ከኖራ የተሠራ ስለታም ወስፌ አንዱ ሌላው ገላ ላይ የሚሰካ አለ። እንቁላሉን ጉድጓድ ቆፍሮ አፈር ውስጥ ይጥላል፤ ትልልቆቹ በአንድ ጊዜ መቶና ከዚያ በላይ። ጫጩቶቹ ሲፈለፈሉ የመጀመሪያ ምግባቸው የራሳቸው እንቁላል ቅርፊት ነው። ካልሲየም ነዋ!

በጋ ሲሆን የት ይሄዳል? የትም። ስንጥቅ ውስጥ ወይም ቅጠል ሥር ይገባና የዛጎሉን አፍ በደረቀ ልጋግ አሽጎ፣ የልብ ምቱን ቀንሶ፣ ዝናቡን ይጠብቃል። ምን ያህል ሊጠብቅ እንደሚችል የሚያሳየው የአንድ የግብፅ በረሃ ቀንድ አውጣ ታሪክ ነው። በ1846 ሞቷል ተብሎ በለንደኑ የብሪታንያ ሙዚየም ካርቶን ላይ በሙጫ ተለጠፈ። አራት ዓመት ያህል እህል ውሃ ሳይቀምስ ተቀመጠ። በ1850 አንድ ሰው ካርቶኑ ላይ አዲስ የልጋግ ምልክት አየ። ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ሲነከር ራሱን አወጣ፤ ጎመን ተሰጥቶት በላ፤ ከዚያም ሁለት ዓመት ያህል ኖረ። ሥዕሉም ለመጽሐፍ በቅቷል።

የደቡብ ጎንደር የቤተ ክርስቲያን ደኖች ለቀንድ አውጣ ምን ማለት እንደሆኑ አስበው ያውቁ ኖሯል? የደን ተመራማሪው ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ በ2007 ባጠናቀቁት የዶክትሬት ሥራቸው በዚሁ አካባቢ የሚገኙ 28 የቤተ ክርስቲያን ደኖችን አጥንተዋል። ትኩረታቸው ዛፍ ነበር። የወደቀ ቅጠልና ጥላ፣ እርጥብ አፈርና የበሰበሰ ግንድ ባለበት ግን ቀንድ አውጣም ይኖራል። በደኖቹ መካከል ያለው የታረሰ መሬት ለእኛ የአሥር ደቂቃ መንገድ ነው፤ ቆዳው በፀሐይ ለሚደርቅ እንስሳ ግን የማይሻገሩት ባሕር። አንዱ ደን ቢመነጠር በውስጡ ያለው ቀንድ አውጣ ወደ ጎረቤት አይሰደድም፤ እዚያው ያልቃል።

እንዲህ ዓይነቱ መጥፋት ተረት አይደለም። ካለፉት 500 ዓመታት ወዲህ ከጠፉ እንስሳት መዝገብ ውስጥ ትልቁን ድርሻ የያዙት እነ ቀንድ አውጣ ናቸው፤ አጥቢ እንስሳትም ወፎችም አይደሉም። በሃዋይ የአንድ ዝርያ የመጨረሻው አባል፣ ጆርጅ የሚል ስም የተሰጠው፣ ጥር 1 ቀን 2019 በአውሮፓውያን አቆጣጠር ሞተ። በፓስፊክ ውቅያኖስ ሞሪያ በምትባል ደሴት ደግሞ የአፍሪካውን ግዙፍ ቀንድ አውጣ ይበላልናል ብለው ሥጋ በል ቀንድ አውጣ በ1977 አስገቡ። እርሱ ግን ፓርቱላ የተባሉትን የአገሬውን ጥቃቅን ቀንድ አውጣዎች ጠራርጎ በላ። ባለሙያዎች ጥቂቶቹን በመካነ እንስሳት አትርፈው አሁን እየመለሱ ነው።

ጣናስ? ሐይቁ ራሱ ከ16 ሺህ ዓመት ገደማ በፊት ደርቆ እንደነበር የደለሉ ጥናት ያሳያል። ስለዚህ ዛሬ በሐይቁ ውስጥ ያሉት የውሃ ቀንድ አውጣዎች ውሃው ሲመለስ ዳግም የሰፈሩ መሆን አለባቸው።

እዚህ ላይ ጨዋታው ወደ ቁም ነገር ይዞራል። የውሃውን ከየብሱ መለየት ለጣና ዳር ሰው የጤና ጉዳይ ነውና። በየቦዩ የሚኖሩት ሳንባ ያላቸው የውሃ ቀንድ አውጣዎች ሁለት ቀንድ ብቻ አላቸው፤ ዓይናቸውም ቀንዱ ግርጌ ላይ ነው። ባዶ ዛጎል ካገኙ ሹሉን ወደ ላይ፣ አፉን ወደ እርስዎ አድርገው ይያዙት። አፉ በስተቀኝ ከሆነ እንደ አብዛኛው የዓለም ቀንድ አውጣ ነው። በስተግራ ከሆነና ከውሃ ያገኙት ከሆነ ቡሊነስ ሊሆን ይችላል፤ የሽንት ቧንቧ ቢልሃርዚያን የሚያስተላልፈው ወገን ነው። ሹል ከሌለውና እንደ ሳንቲም ጠፍጣፋ ሆኖ ከተጠመዘዘ ባዮምፋላሪያን ይጠርጥሩ። በጣና ዙሪያ የሚታወቀውን የአንጀት ቢልሃርዚያ የሚያስተላልፈው እርሱ ነው።

(የግራ ነገር ከተነሣ፦ በ2016 እንግሊዝ አገር ጄረሚ የተባለ ግራ ጥምዝ የጓሮ ቀንድ አውጣ ተገኝቶ የሚገጥመው ጓደኛ በዓለም ዙሪያ ተፈለገለት። ተገኝቶለት ወለደ፤ ልጆቹ ሁሉ ግን ቀኝ ጥምዝ ሆኑ።)

የቢልሃርዚያን ትል ያገኘው ጀርመናዊው ሐኪም ቴዎዶር ቢልሃርዝ ነው፤ በ1851፣ ካይሮ ላይ። በ1862 ወደ ምፅዋ ተጉዞ ሲመለስ በያዘው ተስቦ ሞተ። ትሉ ወደ ሰው የሚገባው በአፍ አይደለም፤ ከቀንድ አውጣው ወደ ውሃው ወጥቶ ቆዳን በስቶ ነው፤ ያውም በደቂቃዎች ውስጥ። ብዙ የሚወጣው ደግሞ ቀን፣ ልጆች ለዋና ውሃ ውስጥ በሚገቡበት ሰዓት ነው።

መድኃኒት ፍለጋው ውስጥ የእኛ ሰው ስም በወርቅ ተጽፏል። በ1964 ወጣቱ ሳይንቲስት አክሊሉ ለማ ዓድዋ ላይ ቢልሃርዚያን ሲያጠና ሴቶች ወንዝ ዳር በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ ዝቅ ብሎ የሞቱ ቀንድ አውጣዎች በብዛት አየ። ከዚያ በፊት በዚያ ወንዝ ዳር ስንት ሰው አልፏል! አክሊሉ ግን ቆም ብሎ ጠየቀ። እንዶድ ያለበትን ውሃ በቤተ ሙከራ ፈተሸ፤ ገዳዩን ንጥረ ነገር ለየ፤ ንጥረ ነገሩም በስሙ ለማቶክሲን ተባለ። በ1966 የመሠረተው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የፓቶባዮሎጂ ተቋም ዛሬ ስሙን ይዞ ይጠራል። በ1989 ከባልደረባው ከለገሰ ወልደ ዮሐንስ ጋር «አማራጭ ኖቤል» እየተባለ የሚጠራውን የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት ተቀበለ። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ እንዶድ የአሜሪካን የውሃ ቧንቧዎች የሚደፍን ባለ ሁለት ክዳን የውሃ እንስሳ እንደሚገድል በኦሃዮ ታየ፤ የባለቤትነት መብቱን ያስመዘገበው ግን የአሜሪካ ዩኒቨርሲቲ ነበር። ይህ ነገር እኔን ዛሬም ያንገበግበኛል። ዕውቀቱ የዓድዋ ሴቶች ነውና።

እንዶድ ዓሣንም ይጎዳል። ዓሣ የሚያደነዝዘውን የብርብራን ዛፍ ኃይል የሚያውቅ የጣና ዓሣ አጥማጅ ይህን ለመረዳት ማስረጃ አይሻም። ስለዚህ ማንም እንደ ፈለገ ወንዝ ውስጥ የሚበትነው አይደለም።

የፎገራን ከብት የሚያከሳው የጉበት ትልም ቀንድ አውጣ ያስፈልገዋል፤ ረግረግ ላይ የሚኖረው ሊምኒያ ነው። ከዚህ የተለየ ሌላ የጉበት ትል ደግሞ የየብስ ቀንድ አውጣን ይጠቀማል። ከቀንድ አውጣው ልጋግ ወደ ጉንዳን ይሸጋገራል፤ የአንዱ ዝርያ ትል የጉንዳኑን ጠባይ ለውጦ ሣር ጫፍ ላይ ያንጠለጥለዋል። በግ ሣሩን ስትግጥ ጉንዳኑንም ትሉንም ትውጣለች።

እንግዲህ አጥርዎ ሥር አራት ቀንዱን ያወጣ ካገኙ ይተዉት፤ ቢልሃርዚያ አያስተላልፍም። ጎመኑን ካስቸገረዎት በመደቡ ዙሪያ ደረቅ አመድ ይበትኑ፤ ዝናብ ሲያጥበው ይድገሙት። ልጆች ከነኩት እጃቸውን በሳሙና ይታጠቡ፤ ሰላጣውም በደንብ ይታጠብ። የሩዝ ማሳ ቦይና የሐይቁ ዳር ግን ሌላ ነገር ነው። በባዶ እግር አይግቡ፤ ልጆችንም በቀትር አያስዋኙ። ደም የቀላቀለ ሰገራ ወይም ሽንት ከታየ ጤና ጣቢያ ሄደው ይመርመሩ። ፕራዚኳንቴል የሚባለው መድኃኒት የሚዋጥ ክኒን ነው፤ ትሉንም ይገድለዋል።